የብሬዲ ቤተሰብ ምኑ ያስቃል?



ባለፈው ወር አንድ ቅዳሜ ማታ ዘጠኝ ሆነን በአንድ ጓደኛችን ላፕቶፕ ዙሪያ ተኮልኩለን አንድ የአሜሪካ ኮሜዲ ፊልም አይተን ነበር። ስሙ «ዘ ብሬዲ በንች ሙቪ» ይባላል። ወደ እኛ ቋንቋ ሲመለስ «የብሬዲዎች ፊልም» እንደማለት ነው። ፊልሙ ሲያልቅ አምስታችን እንባችን እስኪወርድ ስቀናል። ሦስታችን «አሁን ይኼ ምኑ ያስቃል?» እያልን ወደየአልጋችን ሄድን። አንደኛው ጓደኛችን ግን ከልቡ ተቆጣ። «አባት ልጆቹን ቁጭ አድርጎ ሲመክር፣ ወንድምና እህት ሲዋደዱ መሣቂያ የሚሆነው በምን ሕግ ነው? ነገ እኛስ ክፍል ገብተን ይህንኑ አይደል የምናስተምረው?» አለን።

ክርክሩ በዚያ ማታ አላበቃም። በማግስቱ ምግብ ቤት ተሰልፈን ሳለ እንደገና ተነሣ። አንድ መምህራችን በአጠገባችን ሲያልፉ ሰሙንና «በቃል ስትጨቃጨቁ ከምትውሉ ጻፉትና ግድግዳው ላይ ይለጠፍ» አሉን። ይህ ጽሑፍ የዚያ ምክር ውጤት ነው። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ እናሳስባለን።

ለመሆኑ ብሬዲዎች እነማን ናቸው?

ፊልሙን ለመረዳት ከፊልሙ በፊት የነበረውን የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ማወቅ ግድ ይላል። «ዘ ብሬዲ በንች» የተባለው ይህ ድራማ ኤ.ቢ.ሲ. በሚባለው የአሜሪካ የቴሌቪዥን ድርጅት ከ1969 እስከ 1974 ታይቷል። በአምስት የሥርጭት ወቅቶች 117 ክፍሎች ተሠርተዋል። የድራማው ፈጣሪ ሼርውድ ሽዋርትዝ ሐሳቡን ያገኘው ከጋዜጣ ነው። በ1960ዎቹ አጋማሽ ጋዜጣ ሲያነብ፣ በአገሩ ከሚፈጸሙት ጋብቻዎች መካከል 30 ከመቶ ያህሉ ከቀድሞ ትዳር የተወለደ ልጅ ያለባቸው መሆኑን አየ። ይህን የሚያህል ሕዝብ በቴሌቪዥን ላይ እንደሌለ ገባውና ስለዚያ ጻፈ።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ማይክ ብሬዲ ሚስቱ የሞተችበት አርክቴክት ሲሆን ግሬግ፣ ፒተርና ቦቢ የሚባሉ ሦስት ወንዶች ልጆች አሉት። ካሮል ደግሞ ማርሻ፣ ጃንና ሲንዲ የሚባሉ ሦስት ሴቶች ልጆች አሏት። ሁለቱ ይጋባሉ። አሊስ የምትባል ቀልደኛ የቤት ሠራተኛ ትጨመርና ድምሩ ዘጠኝ ይሆናል። በእያንዳንዱ ክፍል መግቢያ ላይ ማያው እንደ መስኮት ወደ ዘጠኝ ካሬ ተከፍሎ ዘጠኙም በየካሬያቸው ሆነው ግራና ቀኝ፣ ላይና ታች እየተያዩ ፈገግ ይላሉ። ይህ ምስል በአሜሪካ እስከዛሬ ድረስ የማያውቀው የለም ለማለት ይቻላል።

እንግዲህ በእኛ ቋንቋ እነዚህ ልጆች የእንጀራ ልጆች፣ ካሮልና ማይክም የእንጀራ እናትና የእንጀራ አባት ናቸው። በእንግሊዝኛ «የእንጀራ» ለሚለው «ስቴፕ» የሚል ቃል ይጨመራል፤ ይኸው ቃል የደረጃም ስም ነው። በመጀመሪያው ዓመት በታየ አንድ ክፍል ትንሹ ቦቢ በቴሌቪዥን የክፉ እንጀራ እናት ተረት አይቶ ይደነግጣል። ካሮል ግን በዚህ ቤት ውስጥ ያለው «ስቴፕ» ወደ መኝታ ክፍል የሚያስወጣው ደረጃ ብቻ እንደሆነ ነግራ ታባብለዋለች። ቀልዱ ያምራል። ይሁን እንጂ ልብ ብለን ካየነው የድራማውም ጠባይ እዚያው ውስጥ አለ። ችግሩ ይነሣል፣ በአንድ ጥሩ ቃል ይዘጋል፣ ከዚያ ወዲያ አይነሣም።

ለዚህም ሌላ ማስረጃ አለ። የካሮል የቀድሞ ባል የት ደረሰ? ሽዋርትዝ ካሮልን ከባሏ የተፋታች ሴት ሊያደርጋት ፈልጎ ነበር። የቴሌቪዥን ድርጅቱ ግን አልወደደለትም። ስለሆነም በ117ቱም ክፍሎች ውስጥ ጉዳዩ ሳይነገር ቀረ። በዚያን ጊዜ አሜሪካ በቬትናም ጦርነት ላይ ነበረች፤ በየዩኒቨርሲቲውም ተቃውሞ ነበር። በብሬዲዎች ቤት ግን ትልቁ ጭንቀት የተሰበረ የአበባ ማስቀመጫ ወይም የማርሻ የጥርስ ሽቦ ነው። ስድስት ልጆች በአንድ መታጠቢያ ቤት ይጠቀማሉ፤ በዚያ መታጠቢያ ቤት ውስጥ ግን የሽንት ቤት መቀመጫ አንድ ቀን እንኳ ታይቶ አይታወቅም! የግማሽ ሰዓቱ ፕሮግራም ሊያልቅ ሲል አባት ቁጭ ብሎ ይመክራል፣ ልጁም ይገባዋል፣ ሁሉም ይታረቃል።

ከአጫዋቾቹ ራሱ በዚህ የተቸገረ ነበር። አባትየውን የሠራው ሮበርት ሪድ በለንደን የሼክስፒርን ተውኔት ያጠና ተዋናይ ነው። ድርሰቱ ከእውነት ራቀ እያለ ለሽዋርትዝ ረጃጅም ማስታወሻ ይጽፍለት ነበር። በ1974 የመጨረሻውን ክፍል በጣም ስለጠላው አልሠራም ብሎ ቀርቷል። ይህም ሆኖ ልጆቹን ሆነው የሚጫወቱትን ሕፃናት ከልቡ ይወዳቸው እንደነበር ራሳቸው መስክረውለታል።

ሳይጠበቅ የመጣ ዝና

አስገራሚው ነገር ድራማው በዘመኑ ያን ያህል ታዋቂ አልነበረም። በአገሪቱ በብዛት ከሚታዩት 30 ፕሮግራሞች ውስጥ አንድም ዓመት አልገባም። ዝናው የመጣው ካለቀ በኋላ ነው። ከ1975 ጀምሮ በየከተማው ያሉ ጣቢያዎች ድራማውን ልጆች ከትምህርት ቤት በሚመለሱበት ሰዓት በየቀኑ ይደጋግሙት ጀመር። እናትና አባቱ ሥራ ላይ የሆኑበት ልጅ ቦርሳውን ወርውሮ ብሬዲዎች ፊት ይቀመጣል። አንዱን ክፍል አሥርና አሥራ አምስት ጊዜ አይቶ በቃሉ ያጠናዋል።

እነዚያ ልጆች አደጉ። በ1990 በቺካጎ ከተማ አንድ የቲያትር ቡድን የድራማውን ጽሑፎች አንድ ቃል ሳይለውጥ መድረክ ላይ አቀረባቸው። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ጽሑፉ ያው ነው፤ ልብሱ ያው ነው፤ ምክሩም ያው ነው። የተለወጠው ተመልካቹና ዘመኑ ብቻ ነበር። ፊልሙ ከአምስት ዓመት በኋላ የተሠራው በዚህ በተጠረገ መንገድ ላይ ነው።

ፊልሙ

«ዘ ብሬዲ በንች ሙቪ» በ1995 በፓራማውንት ኩባንያ ወጣ። ዳይሬክተሯ ቤቲ ቶማስ ናት። ማይክን ጌሪ ኮል፣ ካሮልን ሼሊ ሎንግ፣ ማርሻን ክሪስቲን ቴይለር፣ ጃንን ጄኒፈር ኤሊስ ኮክስ ሆነው ይጫወታሉ። በአሜሪካ ብቻ ከ46 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገብቷል። በማግስቱ ዓመት በ1996 ሁለተኛው ፊልም ወጣ። በዚያኛው «የካሮል የቀድሞ ባል ነኝ» የሚል ሰው በር ያንኳኳል። ለሃያ ዓመት የተዘለለችው ጥያቄ መሆኗ ነው!

የመጀመሪያው ፊልም ዘዴ አንድ ነው። ከቤታቸው ውጭ ያለው ዓለም 1995 ነው፤ በቤታቸው ውስጥ ግን ገና የ1970ዎቹ መጀመሪያ ነው። ለምን እንዲህ እንደሆነ ማንም አያብራራም። ፊልሙ ሲጀምር የሎስ አንጀለስ መንገድ በመኪና ተጨናንቆ፣ ሰዉ ተቆጥቶ ይታያል። ከዚያ ካሜራው ወደ ብሬዲዎች ግቢ ሲዞር ሰው ሠራሹ አረንጓዴ ሣር፣ የተጠቀለለው ጸጉር፣ በእኛም አገር በዚያን ዘመን ቤልቦተም ይባል የነበረው ከታች የሰፋ ሱሪ ይመጣል። ልጆቹ እንደዚያው ለብሰው ትምህርት ቤት ይሄዳሉ። ሰው ሁሉ ያፈጥባቸዋል፤ እነርሱ ግን አይታወቃቸውም።

ታሪኩም ቀላል ነው። ብሬዲዎች 20,000 ዶላር ውዝፍ ግብር አለባቸው፤ ካልከፈሉ ቤታቸው ይሸጣል። ዲትማየር የሚባል ጎረቤታቸው (ማይክል ማኪን) ሰፈሩን በሙሉ አስለቅቆ ትልቅ የገበያ አዳራሽ ማሠራት ይፈልጋል። የቀሩት ብሬዲዎች ብቻ ናቸው። ልጆቹ ሽልማቱ ልክ 20,000 ዶላር በሆነ የተሰጥኦ ውድድር ላይ ዘፍነው ያሸንፋሉ። ከዳኞቹ መካከል በ1960ዎቹ ዝነኛ የነበረው «ዘ መንኪስ» የተባለው ባንድ ሦስት አባላት አሉበት። ቤቱም ይተርፋል።

ፓሮዲ እንዴት ይሠራል?

ፓሮዲ ማለት የታወቀን ሥራ አስመስሎ በመሥራት ማሣቅ ነው። እኛ ሠልጣኞች ይህን ጥበብ አናውቀውም እንዳንል የዓመቱ መዝጊያ በዓል ያጋልጠናል። አንዱ ሠልጣኝ ኮት ደርቦ፣ መነጽሩን አፍንጫው ጫፍ ላይ አድርጎ፣ ጠመኔውን እያሽከረከረ ሲገባ አዳራሹ በሙሉ ማንን እንደሆነ ያውቃል። መምህሩን የማያውቅ እንግዳ ግን አይስቅም። (መምህራኖቻችን ይቅር ይበሉን!) ሦስታችን ያን ማታ ያልሳቅነውም ለዚህ ነው። ዋናውን ድራማ አላየነውም ነበር። በኋላ ሁለት ክፍል ፈልገን አይተን ፊልሙን ስንደግመው ሳቁ መጣ።

ፊልሙ የተጠቀመባቸውን ዘዴዎች እንዲህ ከፋፍለን አይተናቸዋል።

አንደኛ፣ ሰዎቹን ሳይሆን ዙሪያቸውን ለውጧል። ጨው ወጥ ውስጥ ሲገባ አይታይም፤ ሻይ ውስጥ ከገባ ግን ሁሉም ፊቱን ያጨማድዳል። ብሬዲዎችም በ1970 ቤታቸው ውስጥ አያስቁም፤ በ1995 መንገድ ላይ ያስቃሉ።

ሁለተኛ፣ አጫዋቾቹ አይስቁም። ጌሪ ኮል አባትየውን ሲሠራ አንዴም እንኳ «እዩኝ፣ እየቀለድኩ ነው» አይልም። ድምፁ የተረጋጋ፣ ዓይኑ የሚያምን ነው። ሲቀልድ ቀድሞ የሚስቅ ሰው ቀልዱን እንደሚያበላሽ ሁላችንም እናውቃለን።

ሦስተኛ፣ ያለውን ጥቂት ጨምሮበታል። በዋናው ድራማ ጃን በታላቅ እህቷ በማርሻ ትቀና ነበር፤ በ1971 በታየ አንድ ክፍል ስሟን ሦስት ጊዜ እየጠራች ብሶቷን ትዘረግፋለች። በፊልሙ ውስጥ ግን ቅናቱ አድጎ በጭንቅላቷ ውስጥ ድምፅ ይሰማታል። በዋናው ድራማ ማይክ አርክቴክት ነው፤ በፊልሙ ውስጥ ነዳጅ ማደያ ንደፍ ቢባልም የሚነድፈው የራሱን ቤት የሚመስል ነው። በዋናው ድራማ ማይክ ይመክራል፤ በፊልሙ ውስጥ ደግሞ ምክሩ ራሱን እየዞረ ይሄድና መጀመሪያው ከመጨረሻው አይለይም። የሚሰማው ልጅ ግን ልክ እንደገባው ሰው ራሱን ይነቀንቃል።

አራተኛ፣ ዋናውን አክብሯል። በድሮው ድራማ እናት የነበረችው ፍሎረንስ ሄንደርሰን በፊልሙ መጨረሻ አያት ሆና መጥታ ጃንን ትመክራለች። አሊስ የነበረችው አን ቢ. ዴቪስ የጭነት መኪና ሹፌር ሆና ከቤት የጠፋችውን ጃንን ትመልሳለች። ግሬግና ፒተር የነበሩትም ለጥቂት ደቂቃ ብቅ ይላሉ። የሚሾፍባቸው ሰዎች ራሳቸው መጥተው አብረው የሚሠሩበት ሹፈት ስድብ ሊሆን አይችልም።

ታዲያ የሚሳቀው በማን ነው?

አሁን ወደ ተቆጣው ጓደኛችን እንመለስ። እርሱ እንዳለው ፊልሙ በጨዋነት ላይ ያላግጣል? ደግመን ስናየው እንዲህ ሆኖ አላገኘነውም። በፊልሙ ውስጥ ደስተኞቹ እነማን ናቸው? ብሬዲዎች ናቸው። ጎረቤቱ ዘመናዊ ነው፤ ነገር ግን ስግብግብና ብስጩ ነው። የማርሻ የትምህርት ቤት ጓደኞች ይስቁባታል፤ እርሷ ግን ማንንም አትጎዳም። ፊልሙ በሁለቱም በኩል ይቆርጣል። ብሬዲዎች ከዓለም ርቀዋል፤ ዓለምም ከደግነት ርቋል።

ሰዎች ይህን ቤተሰብ ስቀውበት አልጣሉትም። በድራማው ላይ ከውጭ የሚታየው ቤት በሎስ አንጀለስ ያለ እውነተኛ ቤት ነው፤ ውስጡ ግን በስቱዲዮ የተሠራ ስለነበር እውነተኛው ቤት ውስጡ ፈጽሞ አይመስለውም ነበር። በ2018 ኤች.ጂ.ቲ.ቪ. የተባለ የቴሌቪዥን ድርጅት ቤቱን በ3.5 ሚሊዮን ዶላር ገዛ። በ2019 ስድስቱ የድሮ ልጆች፣ አሁን ሽበት ያወጡት፣ ባሉበት ውስጡን አፍርሶ ልክ እንደ ስቱዲዮው አድርጎ አሠራው። በ2023 ቤቱ በ3.2 ሚሊዮን ዶላር ተሸጠ። እንዴ! እውነተኛው ቤት የውሸቱን ቤት እንዲመስል ይህን ያህል ገንዘብ ፈሰሰበት። ይህ የሚያሳየው ሰው የዚያን ቤት ሰላም ምን ያህል እንደሚናፍቅ ነው። በእኛ አስተያየት የሚሳቀው በፍቅሩ ሳይሆን፣ ፍቅር በግማሽ ሰዓት፣ በአንድ ንግግር፣ ያለ ሽንት ቤት ይገኛል በሚለው ውሸት ላይ ነው።

ይህ ለእኛ ምን ይሆነናል?

«ፊልም ነው፣ ተመልክቶ መሳቅ ነው እንጂ» የሚል ይኖር ይሆናል። የእኛ ክርክር ግን ያለቀው በፊልሙ ሳይሆን በማስተማር ልምምድ ላይ በደረሰ ነገር ነው። የምንጽፈው ባለቤቱ ፈቅዶልን፣ እንዲያውም «ጻፉት» ብሎን ነው። ባለቤቱ ያ የተቆጣው ጓደኛችን ነው።

ለልምምድ በተመደበበት ትምህርት ቤት 2ኛ ክፍል ገብቶ «ቤተሰብ» የሚለውን ርእስ ያስተምር ነበር። ሰሌዳው ላይ አንድ ቤት ሣለ፤ በውስጡ አባት፣ እናት፣ አንድ ወንድ ልጅና አንዲት ሴት ልጅ አቆመ። ከዚያ «እናንተም የእናንተን ቤተሰብ ሣሉ» አለ። ልጆቹ ጎንበስ ብለው ሲሥሉ አንዲት ልጅ እጇን አወጣች።

«ቲቸር፣ የእንጀራ አባቴን ቤቱ ውስጥ ነው ወይስ ውጭ የምሥለው?»

ጓደኛችን ደነገጠ። የትምህርት ዕቅዱ ላይ ይህ የለም። ስለዚህ ሁላችንም ስንደነግጥ የምናደርገውን አደረገ፤ ንግግር ጀመረ። ቤተሰብ ማለት ፍቅር እንደሆነ፣ ፍቅር ደግሞ የቤተሰብ መሠረት እንደሆነ፣ መሠረት የሌለው ቤት እንደማይቆም፣ ቤት የሌለው ደግሞ ቤተሰብ እንደማይሆን አምስት ደቂቃ ሙሉ አስረዳ። ልጅቷ እርሳሷን ይዛ በትዕግሥት ጠበቀች። ሲጨርስ፣

«እሺ ቲቸር፤ ግን የት ልሣለው?» አለች።

ክፍሉ ሳቀ። ጓደኛችን ተናደደና «ዝም በሉ!» አለ። ልጅቷም ወረቀቷን ባዶውን አስረከበች።

ፊልሙን ባየንበት ማታ ማይክ ብሬዲ የዞረ ምክሩን ሲናገር ሁላችን ስንስቅ እርሱ ያልሳቀው ለምን እንደሆነ የነገረን ከሳምንት በኋላ ነው። «እኔን መሰለኝ» አለ።

እዚህ ላይ ነው ፓሮዲ ምን እንደሚጠቅም የገባን። ሰው በሚያምንበት ነገር ውስጥ ያለውን ባዶ ቦታ በቀጥታ ቢነግሩት አይሰማም፤ እየሳቀ ግን ያየዋል። አንዳንዴም ሳይስቅ ያየዋል። ምክር ክፉ ነው አላልንም። ሕፃኑ ለጠየቀው ጥያቄ መልስ ያልሆነ ምክር ግን፣ ድምፁ የቱን ያህል ቢያምር፣ ለመምህሩ እንጂ ለተማሪው አይጠቅምም። እንደዚሁም ሰሌዳው ላይ የምንሥለው አንድ ዓይነት ቤት ብቻ ከሆነ፣ ከዚያ ቤት ውጭ የሚቀር ልጅ በክፍላችን ውስጥ መኖሩ አይቀርም። ከአያቱ ጋር የሚኖር አለ፤ ከአክስቱ ጋር የሚኖር አለ፤ እናቱ ዐረብ አገር ሠርታ ገንዘብ የምትልክለት አለ። ሽዋርትዝ ጋዜጣውን ሲያነብ ያየው ይህንኑ ነበር፤ ልጆቹን ወደ ቴሌቪዥኑ አስገባቸው፤ ግን ጥያቄያቸውን ደጅ አስቀረው።

ጓደኛችን በሚቀጥለው ክፍለ ጊዜ ወደ ልጅቷ ሄዶ አጠገቧ ቁጭ አለ። ንግግር አላደረገም። «ማታ እራት ስትበሉ መሶቡ ዙሪያ ማን ማን ይቀመጣል?» ብሎ ጠየቃት። ቆጠረችለት። «እንግዲያው እዚያ ሣያቸው» አላት። ከእናቷና ከታናሽ ወንድሟ አጠገብ የእንጀራ አባቷን ሣለችው። ቃሉም እኮ የሚለው ይህንኑ ነው፤ እንጀራ የሚያበላ አባት። ወላጅ አባቷን ደግሞ ማንም ሳይጠይቃት ወረቀቱን ገልብጣ በጀርባው ላይ ሣለችው። ጓደኛችን ሁለቱንም ገጽ አየና ቀዩን እስክሪብቶ አንሥቶ በሁለቱም ላይ የ«ትክክል» ምልክት አደረገ።

ለማጠቃለል ያህል፣ ፊልሙን ያላያችሁ ብታዩት መልካም ነው፤ አስቀድማችሁ ግን የድሮውን ድራማ ቢያንስ አንድ ክፍል እዩ። ያለዚያ እንደ ሦስታችን ሳትስቁ ትተኛላችሁ። ፊልሙ ራሱም ችግር ሁሉ አለቀ አይልም፤ መጨረሻ ላይ ጃን መቅናቷን ስትተው ትንሿ ሲንዲ ደግሞ በጃን መቅናት ትጀምራለች።

በዚህ ጽሑፍ የማይስማማ ሠልጣኝ ወይም መምህር ካለ ከጎኑ ባዶ ወረቀት ለጥፈናል። እርሳሱ በክር ታስሯል፤ እባካችሁ ይዛችሁት አትሂዱ።